ጣና ዳር ሆነው «ባሕር ምናችን ነው?» ላሉት ጸሐፊ

ሰሞኑን አንድ ጽሑፍ ስልኬ ላይ አምስት ጊዜ ገባ። የመጨረሻውን የላከልኝ የቀድሞ ተማሪዬ ነው፤ ከሥሩ «ቲቸር፣ ይሄ ሰውዬ እርስዎን ነው የሚናገር» የሚል ጨምሮበታል። አልተሳሳተም። ዳንግላም ባሕር ዳርም አሥራ ስድስት ዓመት ጂኦግራፊ ሳስተምር፣ ትምህርቱን ስለተሰበረ መርከብ ወይም በረዶ ውስጥ ስለቀሩ ሰዎች በማውራት የምጀምረው እኔ ነበርኩ። እንግዲህ እንደ በላ ልበልሃው ወግ ነጠላዬን አጣፍቼ ልግባ።

ጸሐፊው ጨዋ ሰው ናቸው፤ ብዕራቸውም ያምራል። አንድ ትምህርት ቤት በእርዳታ ያገኛቸውን የባሕር ጉዞና የአሰሳ መጻሕፍት መደርደሪያ ላይ አይተው ነው የተነሡት። ቃላቸውን ሳላጣምም ላስቀምጥ። አንደኛ፣ ጎጃም ባሕር የለውም፤ የመርከብ ታሪክ ለእኛ የሰው ሠርግ ነው። ሁለተኛ፣ መጻሕፍቱ ነጮች ራሳቸውን ያሞገሱባቸው ናቸው፤ ግሽ ዓባይን እንኳ «አገኘን» ብለው ጽፈዋል። ሦስተኛ፣ ለዝና ሲሉ ሊሞቱ የወጡ እብዶች ተረት ነው፤ ልጆቻችን ባሕር ላይ እያለቁ ይህን ማስነበብ ነውር ነው። አራተኛ፣ አማርኛ የባሕር ቃል ስለሌለው ትርጉሙ ሁሉ ይንገዳገዳል። አምስተኛ፣ ለዚህ የሚወጣ ገንዘብ ለመማሪያ መጽሐፍ ይዋል።

የመጀመሪያውን ነጥብ መጨረሻ ላይ ነው የማነሣው፤ ምክንያት አለኝ። ዘመኖቹን እንደ አውሮፓ አቆጣጠር እጽፋለሁ።

ከአምስተኛው ልጀምር፣ እዚያ ላይ አብዛኛው እውነት የእሳቸው ነውና። አንድ መማሪያ መጽሐፍ ለሦስት ተማሪ በሚታደልበት ክፍል አስተምሬያለሁ። አንዱን ብቻ ምረጥ ብባል መማሪያውን እመርጣለሁ። ግን እሳቸው ያዩዋቸው መጻሕፍት በነፃ የመጡ ናቸው፤ ተመልሰው ሌላ መጽሐፍ አይገዙም። እዚህ ላይ ብዙ የሚያከራክረን ነገር የለም።

የቃሉን ነገር ግን ዝም ብዬ አላልፈውም። መርከብ፣ ሸራ፣ መልሕቅ፣ ወደብ፣ ማዕበል፣ መቅዘፊያ፤ እነዚህን ከማን ተበደርናቸው? የቅኔ ተማሪ ቢጠይቁ ለመርከብ ሐመር፣ ለመርከበኛ ኖትያዊ ይልዎታል። በጾመ ነነዌ የዮናስ መጽሐፍ ሲነበብ፣ ወደ ተርሴስ የምትሄደው መርከብ ስትናወጥና መርከበኞቹ ጭነቱን ባሕር ሲጥሉት፣ ምን ማለት ነው ብላ የምትጠይቅ ባልቴት አላጋጠመችኝም። የሐዋርያት ሥራ ምዕራፍ 27ን ይክፈቱ። 276 ነፍስ፣ 14 ሌሊት ማዕበል፣ በጨለማ የውሃውን ጥልቀት መለካት፣ ከኋላ የተጣሉ አራት መልሕቆች፣ በመጨረሻም የሚዋኘው እየዋኘ የማይችለው በስብርባሪ ሳንቃ ላይ ሆኖ መላጥያ መውጣት። ከዚህ የተሻለ የመርከብ መሰበር ትረካ እኔ ብዙ አላነበብኩም፤ ሁሉም በጥሩ አማርኛ ነው። የበዓላት ቀመራችንን እንኳ ባሕረ ሐሳብ የምንል ሰዎች ነን። አንዳንዱ ትርጉም ይንገዳገዳል ያሉት እውነት ነው፤ እኔም ሸራን ከጫፍ እስከ ጫፍ «ጨርቅ» እያለ የተረጎመ መጽሐፍ አጋጥሞኝ ወርውሬዋለሁ። ጥፋቱ ግን የተርጓሚው ነው፣ የቋንቋው አይደለም።

አሁን ወደ «አገኘን» ባዮቹ። እዚህ ላይ የጸሐፊው ቁጣ የእኔም ቁጣ ነው። ስኮትላንዳዊው ጄምስ ብሩስ ግሽ ዓባይ የደረሰው ኖቬምበር 4 ቀን 1770 ነው። በ1790 ባሳተመው ባለ አምስት ቅጽ መጽሐፉም ከአውሮፓውያን የመጀመሪያው ነኝ አለ። አልነበረም። ስፔናዊው የካቶሊክ ሚሲዮናዊ (ኢየሱሳዊ) ፔድሮ ፓኤዝ አፄ ሱስንዮስን ተከትሎ በ1618፣ ከእሱ 152 ዓመት ቀድሞ እዚያው ምንጭ ላይ ቆሟል። ብሩስ ይህን ያውቅ ነበር፤ አውቆም ፓኤዝ አልደረሰም ብሎ ተሟገተ። ለዝና የተደረገ ክህደት ነው፤ አልሸፍንለትም። ሁለቱም ደግሞ የደረሱት ሰከላ ላይ ከብት ሲያጠጣ ካደገው እረኛ ስንት ዘመን ዘግይተው ነው።

ታዲያ መፍትሔው መጽሐፉን አለመክፈት ነው? ብሩስን ከሁሉ በላይ የሚረታው ራሱ የጻፈው ነው። መንገድ መሪው ጣቱን ቀስሮ ቦታውን እንዳሳየው ይናገራል። የአካባቢው አገዎች ወደ ምንጩ ከነጫማህ አትቀርብም እንዳሉት ይናገራል። ጫማውን ወርውሮ ቁልቁል ሲሮጥ ሁለት ጊዜ ክፉኛ እንደወደቀ አልደበቀም። (የሰከላን ቁልቁለት በጭቃ ወራት በባዶ እግሩ የወረደ አንባቢ እዚህ ላይ ይስቃል፤ ተማሪዎቼ ሁልጊዜ ይስቃሉ።) ከዚያ በኮኮናት ቅርፊት ጽዋ ከምንጩ ቀድቶ ለንጉሡ ለጆርጅ ጤና ጠጣ። ደስታው ግን ብዙም አልቆየለትም፤ ትካዜ ያዘው። እንግዲህ «አገኘሁ» የሚለው ሰው ጫማህን አውልቅ ተብሎ ነው የገባው። ጫማ የሚያስወልቅ ባለቤት ያለው ቤት ነው። ይህን የሚመሰክርልን ራሱ ተከሳሹ ሆኖ ሳለ ጸሐፊው መዝገቡን እንዝጋው ይሉናል።

ብሩስ አገሩ ሲመለስ ሎንዶን ሳቀበት። ስለ ሐበሻ ጥሬ ሥጋ መብላት የጻፈውን ብዙዎች ፈጠራ ነው አሉ። ለባሕር ዳር አንባቢ ይህ የሚያከራክር አይደለም፤ ቅዳሜ ከሰዓት ወደ አንዱ ሥጋ ቤት ጎራ ማለት ይበቃል። ከቁም ላም ሙዳ ቆርጠው ቆዳዋን መልሰው አያይዘው ነዷት ያለው ግን ለእኔም አልተዋጠልኝም። ምን ማለቴ ነው፦ የቱ እውነት፣ የቱ ማጋነን እንደሆነ ለመፍረድ ከሎንዶን አንባቢ ይልቅ የጎጃም አንባቢ ይቀርባል። ሁለት መቶ ዓመት ሙሉ ግን ሲፈርድ የኖረው የሎንዶኑ ነው።

ፓኤዝንም ቢሆን ያለ ባሕሩ አናውቀውም። በ1589 ከሕንድ ጎዋ ተነሥቶ ወደ እኛ ሲመጣ ዓረብ ዳርቻ ላይ ተማረከና ሰባት ዓመት ያህል የመን ውስጥ እስረኛ ሆኖ ኖረ፤ ጥቂቱን ጊዜ በቱርኮች መርከብ ላይ መቅዘፊያ እየገፋ። ተቤዥቶ ከወጣ በኋላ እንደገና ሞክሮ ምጽዋ የገባው በ1603 ነው። እሱና ባልንጀሮቹ ያመጡት የሃይማኖት ጠብ በሱስንዮስ ዘመን ምን ያህል ደም እንዳፋሰሰ አውቃለሁ፤ ለእሱ ጥብቅና አልቆምም። ግን ግሽ ላይ ቆሞ፣ ቂሮስና እስክንድር ሊያዩት ተመኝተው ያላዩትን አየሁ ብሎ ሲደሰት፣ ከኋላው ያለውን ሰንሰለት የማያውቅ አንባቢ ደስታውን ግማሹን ብቻ ነው የሚሰማው።

ሁሉም ራሱን አሞጋሽ ነው ማለትም አያስኬድም። ዳንግላ የነበረው የእንግሊዝ ቆንሲል ችስማን ዓመታት በበቅሎና በእግር ሄዶ ዓባይንና ጣናን ሲለካ ኖሮ በ1936 መጽሐፍ አሳተመ። በውስጡ ከጀግንነት ይልቅ መንገድ፣ መሻገሪያ፣ ገዳምና የቦታ ስም ይበዛል። ለዳንግላ ልጆች ከፊሉን ሳነብላቸው የአያቶቻቸውን ቀዬ ስም እየሰሙ እርስ በርስ ይጎሻሸሙ ነበር።

ሦስተኛው ነጥብ ከባድ ነው። እኔ በማውቀው ሰፈር በመተማ በኩል ወጥተው ድምፃቸው የጠፋ ልጆች አሉ። ከጅቡቲ አቦክ ተነሥተው የመን ሳይደርሱ ስለሰጠሙት የምንሰማው ዜናም አያልቅም። ጸሐፊው ይህን ሲያነሡ እኔም አንገቴን ደፋሁ፤ ነውር ያሉትን ቃል ቀለል አድርጌ አላየሁትም።

ነገር ግን እነዚያን ልጆች ምን አወጣቸው? ድህነቱና ሥራ ማጣቱ እንዳለ ሆኖ፣ ባሕሩን ቀላል ያደረገላቸው መጽሐፍ ነው ወይስ ደላላ? አንድ የሰፈራችን ልጅ ከመሄዱ በፊት የነገረኝን አልረሳም፦ «ጀልባ ናት፣ ማታ ገብተህ ጧት እዚያ ነህ ብሎኛል።» ደላላ ስለ ባሕር ሲያወራ ማዕበል የለም፣ ጥም የለም፣ ሞተር አይቆምም፣ ሰው ከልክ በላይ አይጫንም። የባሕር ጉዞ መጽሐፍ ግን ገና ከጅምሩ ስንት በርሜል ውሃ እንደቀረ ይቆጥርብሃል።

ፖርቱጋላዊውን መርከበኛ ማጄላንን እንውሰድ። በ1519 አምስት መርከብና ከ230 በላይ ሰው ወጣ። በ1522 ዓለምን ዞራ ስፔን የገባችው አንዲት መርከብ 18 ሰው ይዛ ነው፤ ማጄላን ራሱ መንገድ ላይ ፊሊፒንስ ውስጥ በጦር ተገድሏል። አብሮ የተጓዘው ጣልያናዊው ፒጋፌታ እንደጻፈው ሰላማዊ ውቅያኖስን ሲሻገሩ ሦስት ወር ከሃያ ቀን ያልሰነበተ ምግብ አልቀመሱም። ብስኩቱ ትል የበላውና የአይጥ ሽንት የሚሸት ዱቄት ሆነ። የሸራው ተሸካሚ እንጨት ገመዱን እንዳይበላው የለበሰው የበሬ ቆዳ ነበረ፤ እሱን ገፈው፣ አራት አምስት ቀን ባሕር ውስጥ ዘፍዝፈው፣ ፍም ላይ ጣል አድርገው በሉት። የእኛ ተማሪ ጠፍር ያውቃል፤ ቀንበር ላይ ዝናብና ፀሐይ ሲፈራረቅበት የከረመ ጠፍር እንዴት እንደሚደርቅ ያውቃል። አንዲት አይጥ በግማሽ ዱካት (የወርቅ ገንዘብ ነው) ትሸጥ ነበር፣ እሷም ከተገኘች። ይህን ክፍል ውስጥ ሳነብ መርከብ ያማረው ልጅ አላየሁም። ከኋላ ወንበር አንዷ «ቲቸር፣ እነዚህ ሰዎች እናት አልነበራቸውም?» ነው ያለችኝ።

የእብዶች ተረት ነው ላሉትም አንድ ነገር። በዚያ ጉዞና በሌሎቹ መርከበኛውን ከማዕበል ይልቅ የጨረሰው ድድ የሚያበሰብስ በሽታ ነበር። ምክንያቱ የትኩስ አትክልትና ፍራፍሬ እጦት ነው። የእንግሊዝ መርከብ ሐኪም ጄምስ ሊንድ በ1747 አሥራ ሁለት ሕሙማንን ሁለት ሁለት አድርጎ ከፍሎ ለየጥንዱ የተለያየ ነገር ሰጠ፤ ብርቱካንና ሎሚ የበሉት ሁለቱ ቶሎ ዳኑ። የባሕር ኃይሉ የሎሚ ጭማቂ በሥርዓት እስኪያድል ግን 1795 ደረሰ። (ቢሮክራሲ የእኛ ብቻ አይደለም።) ሕክምና ዛሬም የሚሠራበት ሕመምተኛን ከሕመምተኛ የማወዳደር ዘዴ እዚያች መርከብ ላይ አንድ ትልቅ እርምጃ ሄደ። ይህ የእብድ ሥራ ከሆነ ጥቂት እብዶች ለእኛም ይምጡልን።

«ለዝና ሊሞቱ የወጡ» ስላሉት ደግሞ ከሁሉም የምወደው የተመለሰ ሰው ታሪክ ነው። የዋልታ አሳሹ ኧርነስት ሻክልተን ጃንዋሪ 9 ቀን 1909 ከደቡብ ዋልታ በ180 ኪሎ ሜትር ርቀት ላይ ቆመ። ከባሕር ዳር ጎንደር ያለው መንገድ ያህል ነው። ከፊቱ ማንም ሰው ያልረገጠው ቦታ አለ፤ ከደረሰበት ስሙ ለዘላለም ይጠራል። ስንቁን አየ፣ የሦስቱን ባልንጀሮቹን ፊት አየ። ብንሄድ እንደርስ ይሆናል፣ ግን አንመለስም ብሎ ዞረ። አገሩ ሲገባ ለሚስቱ፣ ከሞተ አንበሳ ያልሞተ አህያ አይሻልም? አላት። መጽሐፈ መክብብ ላይ ያለው ውሻ ነው፤ እሱ አህያ አደረገው፤ ለጎጃም ገበሬ እንዲያውም አህያው ይስማማዋል። ደላላ የማይናገረው ይህችን ነው፦ መመለስ እንደሚቻል፣ መመለስም የሚያኮራ ሊሆን እንደሚችል።

እዚህ ላይ ለጸሐፊው አንድ ነጥብ ልስጥ፣ እሳቸው ባያነሡትም። ይኸው ሻክልተን በ1915 መርከቡ በረዶ ውስጥ ተጨፍልቃ ስትሰጥም አብረውት የነበሩትን 27 ሰዎች ይዞ ወጣ። ከአምስት ሰው ጋር ሰባት ሜትር በማትሞላ ጀልባ 16 ቀን ውቅያኖስ አቋርጦ እርዳታ አመጣ፤ የቀሩትንም በኦገስት 1916 አስወጣቸው። «አንድም ሰው አልሞተም» ተብሎ ይተረካል። ከአህጉሩ ማዶ ስንቅ እንዲያኖርለት የላከው ሌላው ቡድን ግን ሦስት ሰው አጥቷል። ብዙ ተራኪ ይህን ይዘለዋል፤ ጀግና እንዳይጎድልበት ነው። መጻሕፍቱ ያሞግሳሉ ሲሉ እንዲህ ያለውን ቢጠቅሱ ኖሮ እጄን እሰጥ ነበር።

አሁን ወዳቆየሁት ወደ መጀመሪያው። ጎጃም ባሕር የለውም ይላሉ። ይህን የጻፉት ባሕር ዳር ተቀምጠው ነው። አውቃለሁ፣ ጣና ሐይቅ ነው፤ ጨው የለውም፣ ጥልቀቱም ቢበዛ 15 ሜትር ገደማ ነው፤ ልዩነቱን ለፈተና ያስጠናሁት እኔ ነኝ። ግን የዘጌ ሰው «ባሕሩ» ነው የሚለው። እኔ አንድ ጊዜ ከዘጌ ወገን አርፍጄ ከደንገል፣ ውሃ ዳር ከሚበቅለው ሸምበቆ መሰል ተክል፣ በተሠራ ታንኳ ተሻግሬያለሁ። ሰው በማለዳ ነው የሚሻገር፣ ከሰዓት ነፋስ ይነሣል ብለውኝ ነበር፤ አልሰማሁም። መሃል ላይ ስንደርስ ውሃው በደንገሉ መካከል እየሰረገ እስከ ቁርጭምጭሚቴ ወጣ። ቀዛፊው ዘወር ብሎ «አትነቃነቅ እንጂ ምንም አትሆን» አለኝ። ከዚያ ወዲህ ስለ ማዕበል ሳነብ ቀና ብዬ ነው የምቀመጠው።

ደግሞስ ክርስትናችን በምን መጣ? ፍሬምናጦስ የተባለው ልጅ ከጢሮስ ሰው ጋር በመርከብ ሲጓዝ ቀይ ባሕር ዳርቻ ላይ መርከቧ ተጠቃች፣ ሰዎቹ አለቁ፣ እሱና ወንድሙ ብቻ ተርፈው አክሱም ቤተ መንግሥት ገቡ። አድጎ አባ ሰላማ ከሣቴ ብርሃን የምንለው ጳጳስ ሆነ። የእኛ ቤተ ክርስቲያን ታሪክ የሚጀምረው በመርከብ አደጋ ነው፤ ሰባኪዎቻችን ታሪኩን ሲናገሩ መርከቧን ግን ቶሎ ያልፏታል።

አንድ የመጨረሻ ነገር አለ፤ ለጸሐፊው ከሁሉ አስቀድሜ ልነግራቸው የምሻው። ኖርዌያዊው ቶር ሄየርዳል የጥንት ግብፆች በደንገል ጀልባ አትላንቲክን መሻገር ይችሉ ነበር ብሎ ሊፈትነው ተነሣ። ደንገል ግብፅ ውስጥ እንደልብ አልተገኘም። ከየት አመጣው? ከጣና። የጣና ደንገል ተቆርጦ፣ ደርቆ፣ ፒራሚዶቹ አጠገብ ተወሰደና ከቻድ ሐይቅ የመጡ ሠሪዎች «ራ» የተባለችውን ጀልባ ሠሩበት። ደንገል ባሕር ላይ ሁለት ሳምንት አይቆይም ያሉ ሊቃውንት ነበሩ። በ1969 ከሞሮኮ ሳፊ ወደብ ተነሥታ ከ50 ቀን በላይ ተንሳፈፈች፤ ካሪቢያን ልትደርስ ጥቂት ሲቀራት ጅራቷ ሰጥሞ ተዋት። በግብፅ የመቃብር ሥዕሎች ላይ ከጀልባ ጅራት ወደ ወለሏ የተወጠረ ገመድ ይታያል፤ ጌጥ መስሏቸው ትተውት ነበር። ለካ ጅራቷን ቀጥ አድርጎ የሚይዛት እሱ ነው። በሚቀጥለው ዓመት በቦሊቪያ ቲቲካካ ሐይቅ ሠሪዎች የተሠራችው «ራ 2» በ57 ቀን ባርቤዶስ ገባች። አብዛኛው የታሪክ ምሁር የሄየርዳልን መላ ምት አይቀበልም፤ እኔም መቻል ማለት ሆኗል ማለት አይደለም እላለሁ። ደንገላችን ግን አትላንቲክ ላይ ነበር።

ይህን ታሪክ ጣና ዳር ታንኳ ሲሠሩ ላገኘኋቸው አንድ ነገደ ወይጦ ሽማግሌ ነገርኳቸው። ደንገሉን በጉልበታቸው ተጭነው ገመዱን እየወጠሩ ነበር፤ ሥራቸውን ሳያቆሙ ሰሙኝ። ስለ ገመዱ ስነግራቸው ሳቁ። ቀጥለው የጠየቁኝ ግን ጨርሶ ያልጠበቅሁትን ነው፦ «በየትኛው ወር ነው የቆረጡት?»

መልሱን ያገኘሁት ቤቴ ገብቼ ሳገላብጥ ነው። ሄየርዳል ኢራቅ ውስጥ ለሦስተኛ ጀልባ ሲዘጋጅ ነው ከረግረጉ ነዋሪዎች የሰማው፦ እዚያ የሚበቅለው ሸምበቆ በኦገስት ካልተቆረጠ ውሃ ይጠጣል። እንደነገሩት አደረገ፤ በ1977 የተነሣችው «ትግሪስ» አምስት ወር ገደማ ተንሳፈፈች። መጨረሻዋም እኛ ደጃፍ ነው፤ በአካባቢው የነበረውን ጦርነት በመቃወም በ1978 ጅቡቲ ላይ ራሱ አቃጠላት።

በሳምንቱ ተመልሼ ለሽማግሌው ይህን ነገርኳቸው። ታንኳዋ አልቃ ቆማ ትደርቅ ነበር። ጥቂት ዝም ብለው አዩኝና፣ «ታዲያ ደንገሉን ከዚህ ሲወስድ እኛን አልጠየቀም?» አሉኝ።